ከሐምራዊው ወዲያ

ፎቶ ቤት የገባሁት በ1985 ዓ.ም. ነው። 15 ዓመቴ ነበር። አዳማን ያኔ ሁላችንም ናዝሬት ነበር የምንላት። ቤቷ ከፖስታ ቤት ብዙም አትርቅም። ከፊት የሙሽሮችና የምሩቃን ፎቶ የተደረደረበት የመስተዋት ሳጥን አለ። ከኋላ በጥቁር መጋረጃ የተጋረደች ጠባብ ክፍል አለች። ዳርክ ሩም ነበር የምንላት።

በገባሁ በሦስተኛው ቀን ጋሼ (ባለቤቱን እንደዚያ ነበር የምጠራው) "ወረቀት ስንት እንደቀረን ቁጠርልኝ" አለኝ። ካርቶኑን አንስቼ ብርሃን ወዳለበት ወደ ፊተኛው ክፍል ወጣሁ። ጥቁሩን ላስቲክ ከፈትኩ። ወረቀቶቹን ጠረጴዛ ላይ እየዘረጋሁ አንድ፣ ሁለት እያልኩ መቁጠር ጀመርኩ። ወደ መጨረሻው ስቃረብ ጋሼ መጣ።

አልጮኸብኝም። "ተቃጠለ" አለ ብቻ። እኔ የተቃጠለ ነገር አልታየኝም፤ እሳት የለ፣ ጭስ የለ። ከዚያ ቀና ብዬ ሳየው ፊቱ ተለዋውጧል። የዚያን ሳምንት ሥራ ሙሉ በሙሉ አበላሽቼበት ነበር።

ካበላሸኋቸው ወረቀቶች በጥቁሩ ላስቲክ ውስጥ የቀረውን አንዱን አወጣ። ፀሐይ የመታው መስኮት ላይ አስቀመጠው። ከኪሱ አንድ ስሙኒ አውጥቶ ወረቀቱ ላይ ጣል አደረገና "ቁጭ በልና እየው" አለኝ። ቁጭ ብዬ አየሁ። ነጩ ወረቀት መጀመሪያ የጽጌረዳ ቀለም መሰለ፣ ቆየት ብሎ ወይን ጠጅ ሆነ፣ ከዚያ እያመደ ጠቆረ። ጋሼ ስሙኒዋን ሲያነሳት ከሥሯ ክብ ነጭ ቀርቷል። "አየህ፣ ወረቀት ዓይን አለው። ዓይኑ ግን እንዳንተ ዓይን አይደለም" አለኝ። ይዞኝ ዳርክ ሩም ገባና ቀዩን አምፖል አበራ። "ይህን ብርሃን አንተ ታየዋለህ። ወረቀቱ አያየውም። እንጀራችን ያለው እዚህ ላይ ነው።"

"ለምንድን ነው ቀዩን የማያየው?" ብዬ ጠየቅኩት።

"እሱን አላውቅም። ስታውቀው ትነግረኛለህ።"

ያወቅኩት ከብዙ ዓመት በኋላ ነው። ዲጂታል መጣ፣ ዳርክ ሩሙ ዕቃ ማስቀመጫ ሆነ፣ ጋሼም አረፈ። መልሱን ፍለጋ ሳነብ ግን አንድ ሰው አገኘሁ። ስሙ ዮሐን ቪልሄልም ሪተር ይባላል። ስለዚህ ሰው ካነበብኩ ወዲህ ሐሳቤ ከእሱ አልተላቀቀም። በዚህ ሙያ ያለፍን ሰዎች ሁሉ ልናውቀው ይገባል ብዬ ስለማምን ነው የምጽፈው። ከዚህ በኋላ የምጠቅሳቸው ዓመቶች በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።

ሪተር የተወለደው በ1776 ሳይሌዥያ ውስጥ ነው፤ አገሩ ዛሬ ፖላንድ ነው። አባቱ የፕሮቴስታንት ቄስ ነበሩ። በ14 ዓመቱ ሊግኒትስ በምትባል ከተማ መድኃኒት ቤት ለሙያ ተሰጠ። እኔ ፎቶ ቤት ከገባሁበት ዕድሜ በአንድ ዓመት ያንሳል። ያን ጊዜ መድኃኒት ቀማሚ ማለት ኬሚስት ማለት ነበር። መፍጨት፣ መመዘን፣ ማጣራት፣ ማንጠር። እጁ እዚያ ነው የተፈታው። ከዚያ በ1796 ጀርመን ወዳለው የዬና ዩኒቨርሲቲ ሄደ። ብዙም ሳይቆይ እነ ተመራማሪው አሌክሳንደር ፎን ሁምቦልት ሐሳቡን የሚጠይቁት ወጣት ሆነ። ገጣሚው ኖቫሊስ ጓደኛው ነበር። ታላቁ ጀርመናዊ ደራሲ ጎተም ስለ ብርሃን ሊያማክረው ይፈልገው ነበር።

ወደ ዋናው ነገር ልግባ። በ1800 እንግሊዝ አገር ይኖር የነበረው ዊሊያም ሄርሸል (ዩራነስን ያገኘው ሰው ነው) የፀሐይን ብርሃን በፕሪዝም (ብርሃንን ወደ ቀለሞቹ በሚበትን ባለ ሦስት ማዕዘን መስተዋት) በትኖ በየቀለሙ ላይ ቴርሞሜትር አስቀመጠ። ሙቀቱ ወደ ቀይ በተጠጋ ቁጥር ጨመረ። ከቀዩ አልፎ፣ ምንም ብርሃን የማይታይበት ቦታ ላይ ቢያስቀምጠው ደግሞ ጭራሽ ይበልጥ ጨመረ። ዓይን የማያየው ጨረር አለ ማለት ነው። ዛሬ ኢንፍራሬድ የምንለው እሱ ነው።

ሪተር ይህን ሲሰማ እንቅልፍ የተኛ አይመስለኝም። ተፈጥሮ ሁልጊዜ ጥንድ ጥንድ ናት ብሎ የሚያምን ሰው ነበር። ማግኔት ሁለት ጫፍ አለው። ባትሪ ፖዘቲቭና ኔጋቲቭ አለው። እንግዲያው ከቀዩ ወዲያ የሚያሞቅ ጨረር ካለ፣ በሌላኛው ጫፍ፣ ከሐምራዊው ወዲያ፣ የሚያቀዘቅዝ ጨረር መኖር አለበት አለ።

እንዲህ ያለ ቀዝቃዛ ጨረር የለም። ሐሳቡ ስህተት ነው። ግን ወደ ትክክለኛው ቦታ ያየው በዚህ ስህተት የተነሳ ነው። እኔን የገረመኝ ከዚያ በኋላ ያደረገው ነው። ቴርሞሜትሩ እዚያ ጋ የሚረባ ነገር አላሳየውም። ሌላ ሰው ቢሆን "የለም ማለት ነው" ብሎ ይተወዋል። እሱ መሣሪያውን ቀየረ።

መሣሪያውን ከየት አመጣው? ከመድኃኒት ቤት ሙያው። ካርል ቪልሄልም ሼሌ የሚባል ስዊድናዊ፣ እሱም መድኃኒት ቀማሚ፣ በ1777 አንድ ነገር ጽፎ ነበር። ሲልቨር ክሎራይድ የሚባለው የብር ጨው ብርሃን ሲያገኘው ይጠቁራል። ከቀለሞቹ ሁሉ ፈጥኖ የሚያጠቁረው ደግሞ ሐምራዊው ነው። ብር ስል የምንገዛበትን አይደለም፤ ጌጡን፣ ማዕድኑን ነው። የእኛም የፎቶ ወረቀት በብር ጨው ነው የሚሠራው። ጋሼ ስሙኒ ያስቀመጠበት ወረቀት የዚሁ ዘር ነው።

ሪተር ሲልቨር ክሎራይድ የተቀባ ወረቀት አዘጋጀ። በጨለመ ክፍል ውስጥ የፀሐይን ብርሃን በፕሪዝም በትኖ ወረቀቱን ቀለሞቹ ላይ ዘረጋው፤ ከሐምራዊው ጠርዝ አልፎ ወደ ጨለማው እንዲገባ አድርጎ ነው የዘረጋው። ቀኑ የካቲት ወር ነው፣ በእነሱ ፌብሩዋሪ 22 ቀን 1801። ወረቀቱ ከሁሉ ይበልጥ የጠቆረው ሐምራዊው ላይ አልነበረም። ከሐምራዊው ወዲያ፣ ለዓይን ምንም በሌለበት ቦታ ላይ ነበር። ያኔ 24 ዓመቱ ነው።

ግኝቱን ያሳወቀው በአጭር ማስታወሻ ነው። ጨረሩ ኦክስጅን የሚያላቅቅ መስሎት ስሙንም በዚያ አወጣለት። ከዚያ በኋላ ለረጅም ጊዜ "ኬሚካዊ ጨረር" ሲባል ቆየ። አልትራቫዮሌት የሚለው ስም የመጣው ዘግይቶ ነው።

ይህን ካነበብኩ በኋላ እጄ አላርፍ አለኝ። ከጋሼ ቤት የቀረኝ አንድ ካርቶን ጥቁርና ነጭ ወረቀት አለ። ጊዜው ካለፈ ቆይቷል፤ ፎቶ ሊታጠብበት አይችልም። ለዚህ ግን ይበቃል አልኩ። ፊዚክስ የሚያስተምር አንድ ጓደኛዬ ፕሪዝም አዋሰኝ፤ አውሶኝም አልቀረ፣ "እኔም መጥቼ ማየት አለብኝ" ብሎ ጥቅምት ላይ አንድ እሑድ ጠዋት ከቤቴ ከተፍ አለ።

መኝታ ቤቴ ወደ ምሥራቅ የዞረ መስኮት አለው። መስኮቱን በብርድ ልብስና በካርቶን ደፈንነው። ካርቶኑ ላይ በምላጭ ቀጭን ስንጥቅ አወጣንና መስተዋቱን ከፈት አደረግነው፤ መስተዋት የምንፈልገውን ጨረር በከፊል ያስቀረዋልና። የአዳማን ነፋስ የሚያውቅ ያውቃል። ከተማው ዳር እነዚያ ትልልቅ የነፋስ ማመንጫዎች የተተከሉት በከንቱ አይደለም። ብርድ ልብሱ እየተገለበጠ ሦስት ጊዜ አስቸገረን። በመጨረሻ አልጋውን አስጠግተን በፍራሹ ያዝነው።

ጠዋት ሦስት ሰዓት አካባቢ ፀሐይዋ በስንጥቁ ገባች። ፕሪዝሙን ጓደኛዬ ወንበር ላይ አቆመው። ሁለት ሜትር ያህል ርቆ ግድግዳው ላይ ቀለሞቹ ተዘረጉ። ከአራት ጣት ብዙ የማይበልጥ ስፋት ነው። የቀዩንና የሐምራዊውን ጠርዝ በእርሳስ ምልክት አደረግኩ። በቀይ ባትሪ እያበራሁ ወረቀቱን አውጥቼ ለጠፍኩ።

የመጀመሪያው አልተሳካም። ለካ ፀሐይዋ ትሄዳለች! በሦስት ደቂቃ ውስጥ ቀለሞቹ ከምልክታችን ሁለት ጣት ሸሽተዋል። ወረቀቱ ላይ የቀረው የተዘበራረቀ አመድ ነገር ነው። በሁለተኛው ጓደኛዬ ወለሉ ላይ ተንበርክኮ ፕሪዝሙን በጣቱ እየገፋ፣ እኔ ደግሞ የቀዩን ጠርዝ እያየሁ "ትንሽ... በቃ... ትንሽ" እያልኩ 15 ደቂቃ ቆየን። ላቡ ወለሉ ላይ ይንጠባጠባል። አንድም ጊዜ ቀና አላለም።

ወረቀቱን አንስቼ በቀዩ ባትሪ አየሁት። ቀዩ የነበረበት ነጭ ነው። ብጫውም፣ አረንጓዴውም ነጭ ነው ማለት ይቻላል። ሰማያዊው ላይ መጨለም ይጀምራል፣ ሐምራዊው ላይ ይጠቁራል። ከዚያ የእርሳስ ምልክቴ አለ። ከምልክቱም አልፎ፣ ግድግዳው ላይ ምንም ባላየንበት ቦታ፣ አንድ ጣት ሙሉ ጥቁር ነው።

ጓደኛዬ ይህን ነገር ለተማሪዎች ስንት ዓመት አስተምሮታል። ዝም ብሎ በጣቱ ምልክቱን ዳሰሰው። እኔ ጋሼን አሰብኩ።

ለጋሼ የምነግረው መልስ ይኸው ነው። ብርሃን እሽግ እሽግ ሆኖ ነው የሚመጣው። ይህን አንስታይን በ1905 አስረድቶታል። የቀይ እሽግ ጉልበቱ ትንሽ ነው፣ የሐምራዊው ይበልጣል፣ ከሐምራዊው ወዲያ ያለው ደግሞ ከዚያም ይበልጣል። የብሩን ጨው ለመለወጥ አንዱ እሽግ ብቻውን የሚበቃ ጉልበት ሊኖረው ይገባል። የቀዩ እሽግ አይበቃም፤ ሺህ ጊዜ ሺህ ሆኖ ቢመጣም ተራው ወረቀት አይነቃም። ለዚህ ነው ቀዩን አምፖል አብርተን ሌሊቱን ሙሉ እንሠራ የነበረው።

የሪተር ወረቀት አንድ ችግር ነበረበት። የጠቆረውን ለማየት ወደ ብርሃን ባወጣኸው ቁጥር የቀረውም እየጠቆረ ይሄዳል። ማስቀሪያ የለውም፤ ያልጠቆረውን ጨው አሟሙቶ ምስሉን የሚያስቀረው ሃይፖ የምንለው ፈሳሽ የለውም ማለት ነው። ሃይፖ የብርን ጨው እንደሚያሟሟ ያወቀው ጆን ሄርሸል ነው፣ በ1819። ፎቶ ለማስቀረት እንዲውል የመከረውም እሱ ነው፣ በ1839። ጆን ሄርሸል ማለት የዊሊያም ልጅ ነው። አባትዬው ከቀዩ ወዲያ ያለውን አገኘ፣ ሪተር በዚያ ተነስቶ ከሐምራዊው ወዲያ ያለውን አገኘ፣ ልጅዬው ደግሞ ወረቀቱ የያዘውን ማስቀረት ቻለ። በየሳህኑ ሃይፖ ስበጠብጥ እነዚህን ሰዎች አላውቃቸውም ነበር።

የሪተርን ቀሪ ሕይወት ስጽፍ ደስ አይለኝም። ሥራው ግን ድንቅ ነበር። ጣሊያናዊው ሳይንቲስት ቮልታ ባትሪ መሥራቱ በተሰማ በ1800 ሪተር ውሃን በኤሌክትሪክ ወደ ሃይድሮጅንና ኦክስጅን ለያይቶ ለየብቻ ሰበሰባቸው። በ1802 ደረቅ ባትሪ ሠራ። በ1803 ተሞልቶ መልሶ የሚሰጥ ባትሪ ሠራ፤ ዛሬ በየኪሳችን ይዘነው የምንዞረው የዚያ የልጅ ልጅ ነው። ጓደኛው ዴንማርካዊው ሃንስ ክርስቲያን ኧርስቴድ፣ እሱም የመድኃኒት ቀማሚ ልጅ፣ ይህን ባትሪ ፓሪስ ድረስ ይዞ ሄዶ ለሽልማት አቅርቦለት ነበር። ሪተር ግን ምድር የኤሌክትሪክ ጫፎች አሏት የሚል አንድ ነገር ጨምሮበት ነበር። የፓሪሶቹ ሳይንቲስቶች ሞክረው አላገኙትም። ሽልማቱ ቀረ።

ከዚህ የባሰው ደግሞ ገላው ነው። ሪተር መለኪያ ባጣ ጊዜ ራሱን መለኪያ አደረገ። የባትሪውን ሁለት ሽቦ ምላሱ ላይ፣ ዓይኑ ላይ፣ ጆሮው ላይ፣ አፍንጫው ላይ እያደረገ ያየውን ቀለም፣ የሰማውን ድምፅ፣ የቀመሰውን ይጽፋል። ጉልበቱን እየጨመረ፣ ሰዓቱን እያረዘመ። ብርሃኑን ሲፈልግ ወረቀት ይመስክርልኝ ያለው ሰው፣ ኤሌክትሪኩ ላይ ሲደርስ ወረቀቱ ራሱ ሆነ። ይህን ሳነብ በቃህ፣ ተው፣ እባክህ የሚል ሰው አጠገቡ ምነው በኖረ አልኩ።

በ1804 አገባ፣ ልጆች ወለደ። ከዚያ ወደ ሙኒክ ሄደ፣ የባቫርያ ሳይንስ አካዳሚ አባል ሆነ። እዚያም ካምፔቲ የሚባል፣ ከምድር ሥር ያለ ውሃና ማዕድን ይሰማኛል የሚል ጣሊያናዊ አመጣና በእሱ ላይ ሙከራ ጀመረ። ባልደረቦቹ ፊታቸውን አዞሩበት። ስሙ ወደቀ። ገንዘብም ጤናም ከዳው። ጃንዋሪ 23 ቀን 1810 በድህነት ሞተ። 33 ዓመቱ ነበር።

አንዳንድ ጽሑፍ ሪተርን እንደ ቀውስ ሰው አድርጎ ያልፈዋል። እኔ አልስማማም። የኤሌክትሪክ ጫፎቹም፣ የካምፔቲም ነገር ስህተት ነው። ቀዝቃዛው ጨረርም ስህተት ነበር። ልዩነቱ የካቲት ላይ የያዘው ነገር እውነቱን የሚናገር ወረቀት መሆኑ ነው። ሰውዬው ያው ሰው ነው፣ ጉጉቱም ያው ጉጉት ነው።

ከእሱ በኋላ የመጡት ይህንኑ ጨለማ ወደፊት ገፉት። እኔ የምወደው ቪክቶር ሹማን የሚባለውን የላይፕዚግ ሰው ነው። የዩኒቨርሲቲ ሰው አልነበረም፤ ማሽን ሠሪ ነው። አልትራቫዮሌቱን እየተከተለ ሄዶ ሄዶ አንድ ቦታ ላይ የፎቶ መስተዋቱ (ያኔ በፊልም ፈንታ የሚሠራበት፣ የብር ጨው የተቀባ መስተዋት) ምንም አልይዝ አለው። ለምን? ብሩን ጨው የያዘው ጄላቲን ራሱ ጨረሩን ይውጠዋል! አየሩም ይውጠዋል። ስለዚህ አየሩን መጦ አወጣ፣ በመስተዋት ሌንስ ፈንታ ፍሎራይት የሚባል ማዕድን ተጠቀመ፣ ጄላቲን የሌለው ሊባል የሚችል የፎቶ መስተዋት ደግሞ በገዛ እጁ ሠራ። ጄላቲን እኛ የምናውቀው ነው፤ ወረቀቱ ሲርስ በጣት የሚያንሸራትተው እሱ ነው። እንቅፋቱ እሱ ይሆናል ብዬ በሕልሜም አላስብ። በእሱ መንገድ ሄዶ የሃርቫርዱ ቴዎዶር ላይማን በ1906 ሃይድሮጅን የሚያወጣቸውን የብርሃን መስመሮች እዚያ ጥልቅ ውስጥ አገኘ። እስከ ዛሬ በስሙ ይጠራሉ።

አዳማ ከባሕር ጠለል በላይ ወደ 1,700 ሜትር ናት። አንድ ሺህ ሜትር ከፍ ባልን ቁጥር አልትራቫዮሌቱ በ10 በመቶ ገደማ ይጨምራል። ለምድር ወገብም ቅርብ ነን። ኦዞን የሚባለው የሰማይ መጋረጃ የከፋውን ያስቀርልናል፤ የተረፈው ግን ሥራውን ይሠራል። የመስተዋት ሳጥናችን ውስጥ የነበሩት ባለቀለም ፎቶዎች በሁለትና በሦስት ዓመት ውስጥ ፊታቸው ወደ ሰማያዊ ይሄድ ነበር። ከሶደሬ ተመልሰው የተነሱ ጥንዶች፣ ባቡር ጣቢያው በር ላይ የቆመ ወታደር፣ ሁሉም ሰማያዊ። ጋሼ "ፀሐይ በላቸው" ይል ነበር። ጥቁርና ነጮቹ ግን አጠገባቸው እንዳሉ ናቸው፤ እነሱ ቀለም ሳይሆን ብር ናቸውና።

ያን የእሑድ ወረቀት ሃይፖ ውስጥ ልከተው አስቤ ነበር። ትንሽ ሃይፖ አለኝ። ግን ሃይፖ ሲገባ ጥቁሩ ይሳሳል፣ እኔ ደግሞ ያን ጣት ሙሉ ጥቁር እንዳለ ነው የምፈልገው። በጥቁር ላስቲክ ጠቅልዬ ቁም ሣጥን ውስጥ አስቀመጥኩት። ባለፈው ቅዳሜ ልጄ አሳየኝ ብላ ለመነችኝ። እስኪመሽ ጠብቀን፣ መብራቱን አጥፍተን፣ ቀዩን ባትሪ አብርተን አልጋው ላይ ዘረጋነው። የእርሳሷን ምልክት አሳየኋት። ከምልክቷ ወዲያ ያለውን ጥቁር ረጅም ጊዜ አየችው።

"አባዬ፣ እዚህ ጋ ብርሃን ነበረ?" አለችኝ።

"ነበረ" አልኳት።